የተሸጠ ሙሾ

የደምሰው አስከሬን ሊወጣ ሲል ድንኳኑ ውስጥ ያለው ሰው ሁሉ ዓይኑን እታፈራሁ ላይ ጣለ። የሟች ታላቅ እህት ናት፤ አገር ያወቃት አልቃሽም ነበረች። ድምፁን የሸጠ ሰው ዜማው ከጉሮሮው ወጥቶ እንደሚወሰድ ግን ማን ያጣዋል? እሷም ድምፅዋን አምና ልጇን ልታሳክም ስትል ሃውስ ለሚባለው የጭፈራ ሙዚቃ ሠሪዎች ሸጣለች፤ እነሱም ሙሾዋን ዘፈን አድርገውታል። ከዚያ ወዲህ መናገር እንጂ ማዜም አይሆንላትም።

«እትዬ፣ ወንድምሽ እንዲህ በዝምታ ሊሸኝ ነው?» አለች የሟች ሚስት ጥሩዬ።

እታፈራሁ ወደ ልጇ ዞረች። «ቤዛ፣ ያንን ዘፈን ክፈቺልኝ።»

«እማዬ! ሰው የሚጨፍርበትን?»

«ምቱን ያጠፉለት፣ ድምፄ ብቻ ያለበት አለ አይደል? እሱን።»

ስልኩ ተከፈተ። ያ የሚያውቁት ድምፅ ባዶውን፣ ያለምንም መሣሪያ ድንኳኑን ሲሞላው ሴቶቹ ደረታቸውን እየመቱ ተነሡ። እታፈራሁ ግን ወደ ስልኩ ተጠጋች። ሙሾው በባሏ በአዱኛው ለቅሶ ላይ ያወረደችው ነው፤ አሁን ስሙን ሊጠራ ነው። ለቀስተኛው ከሰማ፣ ደምሰው በሌላ ሰው ሙሾ ተሸኘ ማለት ነው።

ስሙ ጋ ሲደርስ ስልኩን ከቤዛ ነጥቃ በመዳፏ ጥርቅም አድርጋ ያዘችውና፣ ዜማ በሌለው ድምጿ «ደምሰውዬ!» ብላ ጮኸች። ሴቶቹ እየጮኹ ተቀበሏት።

«አዱኛዬ» የሚለው ድምፅ መዳፏ ውስጥ ሲርገበገብ የተሰማው ለእሷ ብቻ ነበር። ሙሾው ባሏን ደጋግሞ ይጠራል። እሷም ደጋግማ አፈነችው።