ሙድ ከነትርጉሙ

የመጀመሪያው ወረቀት የተገኘው ሰኞ ጠዋት፣ ማተሚያ ቤቱ ውስጥ ካለው ማስታወቂያ ሰሌዳ ላይ ነው።

ማተሚያ ቤቱ ትንሽ ነው። አንድ ትልቅ ማሽን፣ አንድ ወረቀት መቁረጫ፣ ጥግ ላይ ደግሞ ሙጫ የሚቀባበት ጠረጴዛ። ሠራተኛው አምስት ነው። ከአምስቱ አፉ የማያርፈው ማሽኑን የሚያንቀሳቅሰው ልጅ ነው፤ ሙዴ ይሉታል። «ሙድ» የምትለዋን ቃል ሳይሰነቅር ውሃ እንኳን አይጠይቅም። ሚስቱ ዘጠነኛ ወሯ ስለገባ ሰሞኑን ትንሽ ጭምት ለመሆን ሞክሯል፤ አልተሳካለትም።

ወረቀቱ ላይ የእጅ ጽሕፈት የለም። ከተበላሹ ወረቀቶች ላይ በመቀስ የተቆረጡ ፊደሎች አንድ በአንድ ተለጥፈዋል፤ መስመራቸው ቀጥ ያለ ነው።

«ሙድ መያዝ፦ በሰው መቀለድ። ሰውየው ካላወቀ የበለጠ ይጣፍጣል። ምሳሌ፦ ጋሼ ሲራመድ ከኋላው ሆኖ አረማመዱን መቅዳት።»

ጋሼ የማተሚያ ቤቱ ባለቤት ነው። ሲራመድ ሆዱ ቀድሞ ይደርሳል፤ እሱ ቆይቶ ይመጣል።

«ማነው ይሄ?» አለ ወረቀቱን ገንጥሎ። «ደግሞ አንቱታው የት ገባ?»

ሁሉም ሙዴን አየ። ሙዴ ጣሪያውን አየ።

«ጋሼ ይሙቱ፣ እኔ አይደለሁም!»

«ጭራሽ ገድለኸኝ ልትምል ነው?»

ማክሰኞ ሌላ ወረቀት ተለጠፈ። «ሙድ ውስጥ መግባት፦ ዓለምን እርግፍ አድርጎ መደሰት። ምሳሌ፦ ጋሼ ሻወር ቤት ሲዘፍን።»

ረቡዕ ደግሞ፦ «ሙድ የለውም፦ አያምርም፣ ለዛ ቢስ ነው። ምሳሌ፦ ጋሼ ካልሲውን አድርጎ ሲተኛ።»

የሠራተኛው ዓይን ሁሉ ወደ ጋሼ እግር ወረደ። ጋሼ እግሩን ጠረጴዛ ሥር ሰበሰበ። ሙዴ ሳቁን ልዋጥ ሲል ትን አለው።

ያቺ ትንታ ፈረደችበት።

ጥግ ያለው ጠረጴዛ ላይ የጋሼ እናት ተቀምጠዋል። እማማ ይባላሉ። ቤት ብቻዬን መዋል ሰለቸኝ ብለው መጥተው፣ የማስታወሻ ደብተር ጀርባ ላይ ሙጫ ሲቀቡ ይውላሉ። ጆሯቸው ከከዳቸው ቆይቷል። ጋሼ «እማዬ፣ ምሳ ላስመጣልሽ?» ብሎ ሲጮህ «እግዜር ይመስገን፣ አንተስ ደህና ነህ?» ይላሉ። ስለዚህ እሳቸው ፊት የማይወራ የለም፤ ሐሜቱም፣ ስድቡም፣ የሙዴ ቀልድም። ለሁሉም እኩል ፈገግ ይላሉ።

ሐሙስም ወረቀቱ አልቀረም። ጋሼ የዚያን ዕለት ማታ ሠራተኛውን አስወጥቶ ሰሌዳውን በእጁ ዳበሰ። ባዶ ነው። ቆልፎ ሄደ። ዓርብ ጠዋት እንደ ልማዱ ከሁሉም ቀድሞ መጣ፤ በሩን ከፈተ፣ እናቱን አስገባ፣ መኪናውን ሊያቆም በጓሮ ዞረ። ሲመለስ ሠራተኛው ሰሌዳው ሥር ተኮልኩሏል።

«ሙዱ ተነካ፦ አኮረፈ። ምሳሌ፦ ጋሼ እራት አምስት ደቂቃ ሲዘገይበት።»

«ቁልፍ አስቀርጿል!» አለ ጋሼ።

«ማን?» አለ ወረቀት ቆራጩ።

«ማን ትላለህ እንዴ! ያ ምላሳም ነዋ!»

በዚያው ቀን ቁልፉ ተቀየረ። አዲሱ ቁልፍ ሁለት ነው። ጋሼ አንዱን ቀኝ ኪሱ ከተተው። ሌላውን ማንም እንዳያገኘው ብሎ ግራ ኪሱ ከተተው።

ቅዳሜ ጠዋት ወረቀቱ ነበር።

«ሙድ ማጥፋት፦ የሰው ደስታ ላይ ውሃ መቸለስ። ምሳሌ፦ ደህናውን ቁልፍ መቀየር።»

ጋሼ ደሙ ፊቱ ላይ ወጣ። ማሽኑን አስቁሞ ሙዴን መሐል አቆመው።

«እዚህ ቤት ሙድ፣ ሙድ የሚለው ማነው?»

«ሁላችንም ነን፣ ጋሼ። እርስዎም አሁን ሁለቴ አሉ።»

«ውጣልኝ!»

ሙዴ ቀልዱ አፉ ላይ ደረቀ። «ጋሼ፣ በልጆችዎ። ባለቤቴ ዛሬ ነገ ልትወልድ ነው። አሁን ሥራ ፈትቼ ምን ይዤ ሐኪም ቤት እሄዳለሁ? ካላመኑኝ አብሬዎት ልደር፤ በሩን አብረን እንጠብቅ።»

«ከአንተ ጋር? ደግሞ ስተኛ አይተህ ልትለጥፈኝ! ሂድ፣ ለልጅህም ሙድ ብለህ ስም አውጣለት።»

የሳቀ የለም።

ሙዴ ቱታውን አወለቀ። አጣጠፈው። ማሽኑን በጨርቅ ወለወለው፤ ያልቆሸሸውንም ጭምር። ከዚያ ወደ ጥግ ሄዶ እማማን ጉንጫቸውን ሳማቸው። ሲያቅፉት የጣታቸው ሙጫ አንገቱ ላይ ቀረ።

«እማማ፣ ደህና ይሁኑ!» ብሎ ጆሯቸው ላይ ጮኸ። «ተባረርኩ!»

«አሜን፣ አሜን» አሉ እማማ።

በሩ ተዘጋ። ማሽኑ እንደቆመ ነው፤ የሰዓቱ ቀጭ ቀጭ ብቻ ይሰማል። ጋሼ ላቡን ጠረገና ወረቀት ቆራጩ ጆሮ ሥር ጠጋ ብሎ፣ በሹክሹክታ፣ «ተገላገልን» አለው።

«ምኑን ተገላገልከው!» አሉ እማማ፣ የሙጫ ብሩሻቸውን ቁጭ አድርገው። «ልጁን አሁኑኑ መልሰው፤ አለዚያ የሰኞው ወረቀት ላይ የረጠበውን ፍራሽ ነገር ከነዓመተ ምሕረቱ አወጣዋለሁ።»