በየትኛው ሰ?

የኔታ ክንፈ የሰዋስው መጽሐፋቸው በተመረቀ ዕለት፣ የቀድሞ ተማሪያቸው ሰናይ እግሩ መሬት አልነካ አለው። «በመጽሐፌ ስምህን አነሣዋለሁ ብለውኛል» እያለ ለሚስቱ ለዘርፌ ሲፎክር ከርሟልና፣ አንዱን ቅጂ ነጥቆ ከመጨረሻ ወዳለው የስምና የቃል ማውጫ ገለበጠ። የፊደሉን ተራ በጣቱ ተከትሎ ወረደ፤ ከ«ሰረዝ» ቀጥሎ «ሰዋስው» መጣ። ስሙ የለም።

«ወይ ጉዴ! አዲስ ቀሚስ ያስለበስኸኝ ለዚህ ነው?» አለች ዘርፌ፣ በነጠላዋ አፏን ሸፍና እየተንከተከተች።

ሰናይ ላብ እያጠመቀው ወደ መምህሩ ተጠጋ። «የኔታ፣ ረሱኝ እኮ!»

«በየትኛው ሰ ፈለግኸው?»

«በእሳቱ ሰ።»

«በእሳቱማ ትቃጠላለህ!» አሉ የኔታ ከዘራቸውን አንሥተው። «ማውጫ የመጽሐፍ በር ነው፤ በንጉሡ ሠ ግባ!»

ሰናይ በደስታ ወደ ንጉሡ ሠ ገለበጠ። ዘርፌ ግን ቀደመችውና አዳራሹ ሁሉ እስኪሰማ ድረስ ድምፅዋን ከፍ አድርጋ አነበበችው፦

«ሠናይ፣ ስሙን መጻፍ ያቃተው ተማሪዬ፦ የስሕተት ምሳሌነቱን በየገጹ ተመልከት።»