ጨው ያለቀባቸው ጎረቤት

በእኛ ሕንፃ ምንም ነገር አያልቅም። ጨው ሊያልቅ ሲል ኩሽናው ራሱ ያዛል፤ ድሮኗ በመስኮት ታቀብላለች። ጎረቤት ማስቸገር ድሮ ቀረ። የበር መንኳኳትን ድምፅ ከመርሳቴ የተነሳ፣ ትናንት ሲንኳኳ ቧንቧ የፈነዳ መስሎኝ ወደ መታጠቢያ ቤት ሮጥኩ።

ደግሞ ሲንኳኳ ከፈትኩ። ፊት ለፊቴ የሚኖሩት፣ ስማቸውን እንኳ የማላውቀው ሰውዬ ባዶ ብርጭቆ ይዘው ቆመዋል።

«ይቅርታ እህቴ፣ ጨው አልቆብኝ ነው።»

ከኋላቸው የቤታቸው በር ክፍት ነው። ድሮኗ የጨው ከረጢት ተሸክማ የተቆለፈውን መስኮታቸውን ትደበድባለች። ማየቴን ሲያውቁ አንገታቸውን ደፉ።

«ውይ፣ የት እንዳስቀመጥኩት እንጃ! እስክፈልገው ይግቡ፣ ቁጭ ይበሉ» እያልኩ፣ ጠረጴዛው ላይ የነበረውን የጨው ዕቃ ነጠላዬ ስር ሸጎጥኩት።