የገብስ አጥሚት

ሐኪሙ ኪኒን ማዘዝም መዋጥም እርግፍ አድርጎ ከተወ ወዲህ የራሱ ደም ግፊት ተስተካክሏል። "እኔን አታዩኝም? ያዳነኝ የአባቶቻችን ምግብ፣ የገብስ አጥሚት ነው" ይላል ለመጣ ታካሚ ሁሉ። ጎረቤቱ ጋሽ አጥናፉ አምነውት የግፊት ኪኒናቸውን ጣሉ። ዛሬ ተቀበሩ።

ሐኪሙ ከቀብር ተመልሶ ነጠላውን አጣጥፎ አስቀመጠ። "አጥሚቱን አዘውትረው አልጠጡትም ማለት ነው" አለ። "ባለቤታቸውም ግፊት አለባቸው። ኪኒኑን ይተዉ ብያቸዋለሁ።"

የሐኪሙ ሚስት ጓዳ ሆና ሰማችው። እንደ ወትሮው አንድ የግፊት ኪኒን በማንኪያ ጀርባ አድቅቃ አጥሚቱ ውስጥ አማሰለች። ብትነግረው አጥሚቱንም ይተወዋል። ይዛለት ወጣች።

ፉት አለና "እጅሽ ይባረክ" አላት።