ከመቃብር የሚወጣ ሐረግ

በ፲፱፻፲፱ ዓ.ም. ሁሩሙ ላይ አዲስ መቃብር በተቆፈረ ቁጥር ሐረግ ይበቅልበት ጀመር። ዓመት ሳይሞላው አጠገቡ ያለውን ዋንዛ አንቆ ያደርቃል። ቀባሪ ሁሉ ከቤተ ክርስቲያኑ ደን ሲወጣ ዞሮ ማየት ፈራ።

ምንዳዬ ግን ከፍርሃቱ ንዴቱ በለጠ። ሚስቱ ሙሉብርሃን ከተቀበረች አራት ወሯ ነው፤ ሐረጉ መቃብሯን ተብትቦ ይዞታል። «በሕይወቷ እንኳ አንገቷን የሚያንቅ ልብስ አትወድም ነበር» እያለ ያለቅሳል።

ሐረጉን ከእሱ በላይ የሚያውቅ የለም። አገሬው ሂዳ ይለዋል፤ ሲቆረጥ ቀይ ውሃ ያነባል። ሲደርቅ ይሰበራል፤ እርጥቡ ግን ከጠፍር ይጠነክራል። ቀፎ ሰቃዩም አጥር አጣሪውም «ቁረጥልን» የሚለው ምንዳዬን ነው። ሶር ወንዝ ዳር ሞልቶ ሳለ ማንንም አልበደለም። እዚህ ማን ጠራው?

«ከላይ መመልመል ከንቱ ነው» አለና የሚስቱን መቃብር ጠርዝ በዶማ ፈለፈለ። የጠበቀውን ሥር አላገኘም። ክንድ የምታህል የሐረግ ቁራጭ ወጣች፤ ሁለቱም ጫፏ በስለት የተቆረጠ ነው፤ ከየአንጓዋ ቡቃያ ፈንድቷል።

ምንዳዬ ዶማውን ጣለ። ቁራጯን ለደብሩ ቄስ ለአባ ወልደ ማርያም አሳየ።

«አባ፣ ይኼ የሰው እጅ ነው።»

ያልጠረጠረ ተመነጠረ ነውና፣ ዓይን ሁሉ ወደ ሮማነወርቅ ዞረ። ይህች መበለት በየማለዳው ማጭድ ይዛ መቃብር መሃል ትታያለች። ከሙሉብርሃን ጋር እንደተኳረፉ ነው ሞት የለያቸው። ከሁሉ የባሰው ደግሞ፣ ሐረግ ያልነካው አዲስ መቃብር የባሏ ብቻ ነው። ባሏ ነጋዴ ነበር፤ ጎሬ ሞቶ በበቅሎ ተጭኖ መጥቶ ነው የተቀበረው።

«እትዬ ሮማነወርቅ፣ ሙታኑ ምን በደሉዎት?» አላት ምንዳዬ በሽማግሌዎች ፊት።

«ጋሼ ምንዳዬ፣ እኔ የባሌን ሣር ነው የማጭደው። መድኃኔዓለም ይመስክር!»

የሰማት የለም። ከአገር ትውጣ ተባለ። በሦስተኛው ቀን ጓዟን በአህያ ጭና የኖፓን መንገድ ይዛ ሄደች። ምንዳዬ ደጁ ላይ ቆሞ ሸኛት፤ ቅንጣት አላዘነላትም።

የሙሉብርሃንን መቃብር መነጠረ፤ ቁራጯን አቃጠለ። ሰኔ አለፈ፣ ሐምሌም አለፈ፤ የሞተም የለ፣ የበቀለም የለ። መንደሩ እፎይ አለ። ምንዳዬም መቃብሯ ላይ ተቀምጦ «በይ አሁን ተኚ» አላት።

በነሐሴ ሽማግሌው አምባዬ አረፉ።

ምንዳዬ ለሙሉብርሃንም ከእሷ በፊት ለተቀበሩትም እንዳደረገው ሁሉ ሶር ወርዶ እርጥብ እርጥቡን ሐረግ ቆረጠ፣ የአምባዬን ቃሬዛ ጠፍሮ አሰረበት፤ ቀብሩ ሲያበቃም፣ ሬሳ የተሸከመ ማሰሪያ ወደ ቤት አይመለስምና፣ በቢላዋ ክንድ ክንድ አድርጎ ቆራርጦ ዝናብ ባራሰው አፈር ላይ ጥሎት ሄደ።