ይቅመሱልኝ

በሆይ አን ከተማ፣ በወንዙ ዳር ገበያ፣ የሚየን ምላስ ሚዛን ነው ይባል ነበር። መረቅ ሻጮች ሲጨቃጨቁ በጨው ተብላልቶ የሚቆይ የዓሣ መረቃቸውን ይዘው ደጇ ይመጣሉ፤ እሷም የትኛው ዘንድሮ፣ የትኛው ካቻምና እንደተጣለ በአንድ ጠብታ ትፈርድላቸዋለች። ቤቷን ለእንግዶች ከፍታ ምግብ ማብሰል ማስተማር የጀመረችውም በዚሁ ስሟ ነው።

ያ ምላስ ከሞተ ስምንት ወሩ። ክፉ ትኩሳት ያዛትና በሳምንቱ ሲለቃት ጣዕሙንም ሽታውንም ይዞባት ሄደ። ሐኪሙ "ይመለስ ይሆናል" አላት፤ መቼ እንደሆነ ግን አልነገራትም። ይህን የምታውቀው ታናሽ እህቷ ንጋን ብቻ ናት። ተማሪ በመጣ ቁጥር ንጋን ሳህን የምታጥብ መስላ ከኋላ ትቆማለች፤ ሰው ሳያያት ትቀምስና ጨው ካነሰ ጆሮዋን፣ ከበዛ አገጯን ትነካለች።

ዛሬ ንጋን የለችም። ልጇን ምጥ ይዟት በጠዋቱ አውቶቡስ ወደ ዳ ናንግ ሄዳለች።

ይባስ ብሎ ትናንት እንግዶች የሚልክላት ሆቴል ኃላፊ ደውሎ ነበር።

"እትዬ ሚየን፣ ባለፈው ሳምንት ሾርባው አይቀመስም ያለን እንግዳ አለ። በዚህ ሳምንት አይቶ የሚነግረን ሰው እንልካለን። ማን እንደሆነ አንነግርዎትም።"

ንጋን አርፍዳ የመጣች ዕለት የሆነ ነው። ሚየን የዛሬውን ትምህርት ልትሰርዝ አሰበች፤ መልሳ ደግሞ፣ ከሰረዝኩማ ወሬው ተረጋገጠ ማለት ነው ብላ ተወችው።

አምስት ሰዎች መጡ። ከሳይጎን አዲስ ሙሽሮች፣ ሁለት አውስትራሊያውያን ጓደኛሞች፣ አንድ ደግሞ ብቻውን የመጣ፣ ሸሚዙን የተኮሰ፣ ደብተር የያዘ ሰውዬ። ቶዋይ እባላለሁ አለ። ዕድሜው ሃምሳን ሳያልፍ አይቀርም።

"ሥራዎ ምንድን ነው?" አለችው፣ ወደ ገበያ ሲሄዱ ጨዋታ ለማምጣት ያህል።

"ከምግብ አልወጣሁም" አለ። ሌላ አልጨመረም።

ሚየን ደብተሩን ሰርቃ አየችው።

ዓሣ ተራ ሲደርሱ ሙሽሪት በመሐረቧ አፍንጫዋን ያዘች፤ ባሏም ፊቱን አዞረ። ቶዋይ ከቅርጫቶቹ መሐል ቆሞ የሚያየው ሚየንን ነው። መረቅ ሻጯ እማማ ሴን እንደ ልማዳቸው ሁለት ስኒ አቀረቡ።

"በይ አንቺ፣ ለእንግዶችሽ ጉድሽን አሳዪ። የትኛው ነው የቆየው?"

ሚየን ስኒዎቹን በየተራ ወደ አፍንጫዋ አስጠጋች። ውሃ ቢቀዳባቸውም ልዩነቱ አይታወቃትም ነበር። ቀላ ያለውን መርጣ "ይሄ" አለች።

"ምን ይሳናታል፣ ጠንቋይ እኮ ናት" አሉ እማማ ሴን እየሳቁ።

ቶዋይ ጠጋ አላት። "አሽትተው ነው ወይስ አይተው?"

"በልምድ ነው።"

"አይተው ከሆነ ይንገሩኝ። ቀለሙን ነው?"

ያልሰማች መስላ አለፈችው። እሱ ግን ደብተሩን አውጥቶ የሆነ ነገር ጻፈ።

የዕለቱ ምግብ ኮምጠጥ ያለ የዓሣ ሾርባ ነበር፤ አናናስ፣ ቲማቲምና ባሚያ ያለበት፣ በሁመር ፍሬ የሚቆመጥጥ። ሁሉም በየምድጃው ቆመ። "ይሄ ሾርባ በማንኪያ አይለካም፣ በምላስ ነው" አለች ሚየን፤ ሃያ ዓመት ሙሉ ያለችው ነው።

አንደኛዋ አውስትራሊያዊት ድንገት ወደ ቶዋይ ድስት ጠቆመች። ነጭ ሽንኩርቱ ከሰል ሆኗል። ሚየን ምንም አልሸተታትም ነበር። ቶዋይ ድስቱን አወረደና ቀና ብሎ አያት። ሆን ብሎ ነው ያሳረረው፣ አለች በልቧ፤ እኔን ሊያይ ነው።

እንደገና ጀመረ። ሾርባው ሲፈላ ማንኪያ ዘረጋላት።

"መምህርት፣ ይቅመሱልኝ።"

ቀመሰች። ሙቅ ነገር በጉሮሮዋ ወረደ፣ ሌላ የለም።

"እስቲ መጀመሪያ ራስዎ ይቅመሱት።"

"የእርስዎ ምላስ እያለ የኔ ምን ይፈይዳል?"

ዓይኗ ወደ ሳህን ማጠቢያው ሄደ። ማንም የለም። "መረቅ ይጨምሩ" አለች በግምት። ጨመረ።

"አሁንስ?"

"ትንሽ።"

"አሁንስ?"

"በቃ። ደርሷል።"

ገበታ ላይ ሙሽሪት ከቶዋይ ሾርባ አንድ ማንኪያ ተውሳ ቀመሰች። ዓይኗ እንባ ሞላ፤ ብርጭቆዋን አንስታ ጨለጠችና ወደ ባሏ ጆሮ ዘንበል አለች። "ጨው ነው በቁሙ።" ሚየን ሰማቻት። ከማዶ ቶዋይ ያንኑ ሾርባ ፊቱ ሳይለወጥ፣ ማንኪያ በማንኪያ፣ እስከ ሳህኑ ወለል ጠጣው። እንዲህ ያለ ጭካኔ አይታ አታውቅም። አንዴ ተፍቶ ቢገላግላት ምናለ።

ሌሎቹ አመስግነው ሄዱ። ቶዋይ ሽርጡን አጥፎ ወንበር ላይ አስቀመጠና ቀረ።

"አንድ ነገር ልጠይቅዎ ነበር" አለ።

ወንበር ስባ ተቀመጠች።

"አይጠይቁኝ፣ ራሴ ልንገርዎ። ከትኩሳቱ ወዲህ ጨውና ስኳር አልለይም። መረቁንም በዓይኔ ነው የመረጥኩት። ለሆቴሉ ይንገሩ፣ አልቀየምዎትም። ብቻ እህቴን አያንሱብኝ፤ ለኔ ብላ ነው።"

ቶዋይ ብዕሩን ኪሱ ከተተ። ከዚያ ደብተሩን ቀስ ብሎ ከደነው።

"የምን ሆቴል? እኔ የመርከብ ምግብ አብሳይ ነኝ፣ መምህርት፤ ጣዕም ከራቀኝ ሁለት ዓመቴ ነው፣ በአገር ያለች ቀማሽ እሷ ናት ቢሉኝ መላ ትሰጠኛለች ብዬ ነው ከሃይ ፎንግ ወደብ ድረስ የመጣሁት።"