ራስ ሲታበስ

ባጃጁ ከበር ላይ ክላክሱን ሲደጋግም ሳቢራ ለአባቷ ከሶላት በፊት የሚታጠቡበትን የውዱዕ ውሃ እያፈሰሰች ነበር። ስልኩን በጆሮዋና በትከሻዋ መሃል ሰክታ፣ ሰንበቴ ገበያ ለምትጠብቃት ደንበኛዋ "መንገድ ላይ ነኝ፣ ደረስኩ" ትላለች፤ በእግሯ ደግሞ ዶሮዎቹን ከደጃፉ ታባርራለች።

የአባቷን የመርሳት ሕመም የምትከታተለው ነርስ "ከማይረሱት ልማድ ላይ የሚረሱትን ደርቢላቸው" ብላት ነበር። አባቷ የልጆቻቸው ስም እየጠፋባቸው ቢሄድም የውዱዕን ተራ አንድም ቀን አልሳቱም። ስለዚህ በሚታጠበው እያንዳንዱ አካል ላይ የአንድ ልጅ ስም ሰጠቻቸው። ቀኝ ክንዳቸውን አጥበው "ጀሚል" አሉ። ግራውን አጥበው "ዓፊያ" አሉ።

"ማሻአላህ አባ። በሉ አሁን እግርዎን" አለች፣ ጆጉን ቶሎ ወደ ታች እየወሰደች።

"ቆይ እንጂ" አሉ። እርጥብ መዳፋቸውን ከግንባራቸው ወደ ማጅራታቸው አሳልፈው መለሱት። ራስ ለሚታበስበት ተራ ግን ስም አልሰጠችውም ነበር፤ ሆን ብላ። የሟች ወንድሟ ስም በተነሳ ቁጥር "የት ሄደ?" ብለው ይጠይቃሉ፤ በተነገራቸው ቁጥርም መርዶው አዲስ ይሆንባቸዋል።

"ኢርፋን" አሉ።

ሳቢራ ጆጉን እንደያዘች ቀረች። ስልኩ ከትከሻዋ ተንሸራቶ መሬት ላይ ወድቆ "ሃሎ? ሃሎ?" ይላል። የፈራችውን ጥያቄ ጠበቀች።

አባቷ ግን አልጠየቁም። ቀኝ እግራቸውን ዘርግተው፣ ቀና ብለው አዩዋት።

"ነገር ሲደራረብብሽ ጊዜ" አሉ፣ "ወንድምሽን ረሳሽው፣ ልጄ።"